ርካሽ የእርጥበት መለኪያ ስንት ፈረሱላ ይበላል? አራት ማሽን ፈትነን ያየነው

ዛሬ የዋጋ ሰንጠረዥ አልለጥፍም። የማወራው ግን ስለ ዋጋ ነው፤ ሰንጠረዡ ላይ ስለማይታየው ዋጋ።

ነገሩ እንዲህ ነው። አንድ አዛውንት አቅራቢ አሉን፣ ጋሼ ነው የምላቸው። ከጉጂ በኩል 20 ኩንታል የተቀሸረ ደረቅ ቡና ይዘው መጋዘን መጡ። ማሽናችን 12.3 አለ። ስምምነታችን ደግሞ 11.5 ነው፤ ከዚያ በላይ ያለው ውሃ ከኪሎው ይቀነሳል። ቀነስን፤ 18 ኪሎ። ጋሼ ከጆንያው አንድ ፍሬ አንስተው በጥርሳቸው ነከሱና "ልጄ፣ እርጥቡ ማሽንህ ነው። እሱን አልጋ ላይ አስጣው" አሉኝ። ሁላችንም ሳቅን። ተቀናሹን ግን አላነሳንም። እሳቸውም ፈርመው ሄዱ።

ሳቁ አለፈ፣ ነገሩ ግን አልለቀቀኝም። ያ ማሽን ኦሪጅናሉ ሲያስቸግረን ከገበያ የገዛነው ርካሽ ነው። መልኩ ቁርጥ ኦሪጅናሉን ነው፤ ዋጋው ግን አይገናኝም። ስንገዛው "ይሠራል ወይ?" ብለን ቡና ጨመርንበት፣ ቁጥር አሳየ፣ ከፈልን። ቁጥር ማሳየትና መለካት አንድ እንዳልሆነ ያኔ አላሰብንም።

ስለዚህ ለመፈተን ወሰንን።

እንዴት ፈተንን

አራት ማሽን ሰበሰብን።

ማሽን ሀ፦ የድሮው ኦሪጅናል፤ ተጠግኖና ልኬቱ ተስተካክሎ የተመለሰ።
ማሽን ለ፦ የጋሼን ቡና የለካንበት ርካሹ፤ በኩባያ ቡና የሚቀበል።
ማሽን ሐ፦ ጆንያ ውስጥ የሚወጋው ባለ ረጅም መርፌ፤ ይሄም ርካሽ።
ማሽን መ፦ ከአንድ ወዳጃችን መጋዘን የተዋስነው። ማሽኑ ኦሪጅናል ነው፣ ኩባያው ግን ተሰብሮ በገበያ መለዋወጫ ተተክቷል።

ሦስት ናሙና አዘጋጀን። አንደኛው የጋሼው ቡና ነው፤ በድርብ ፕላስቲክ ታሽጎ ተቀምጦ ነበር። ሁለተኛው የታጠበ ሲዳማ። ሦስተኛው ሆን ብለን የፈለግነው፣ በደንብ ያልደረቀ የጅማ ቡና። ከእያንዳንዱ የተወሰነ ወደ ቤተ ሙከራ ላክን። እዚያ የሚለኩት በኤሌክትሪክ ማሽን አይደለም፤ ቡናውን መዝነው በ105 ዲግሪ ለ16 ሰዓት ምድጃ ውስጥ ያደርጉና እንደገና ይመዝኑታል። የጠፋው ክብደት ውሃው ነው። አይ.ኤስ.ኦ. 6673 የሚባለው ደረጃ ይሄ ነው። ዓለም አቀፉ የቡና ድርጅት ቡና ከ8 በታች ወይም ከ12.5 በመቶ በላይ እርጥበት ይዞ ወደ ውጭ እንዳይላክ ሲመክርም የሚጠቅሰው ይሄንኑ አለካክ ነው። ገዢ ጋር ክርክር ቢነሳ የሚዳኘው ምድጃው ነው።

ከዚያ እያንዳንዱን ናሙና በእያንዳንዱ ማሽን አሥር አሥር ጊዜ ለካን። በጠቅላላው 120 ንባብ። ለሁሉም አዲስ ባትሪ፣ አንድ ክፍል፣ ቡናውን የሚጨምረውም አንድ ሰው። በየመሀሉ እየገለበጥን እያደባለቅን። ናሙናው አየር ላይ ደርቆ እንዳያሳስተን መጨረሻ ላይ በማሽን ሀ ደግመን አየነው፤ ለውጥ አልነበረውም።

አሥር ጊዜ ለምን? አንድ ጊዜ ትክክል መናገር ለማንም ይቻላል። የቆመ ሰዓት እንኳ በቀን ሁለቴ ልክ ነው።

ምን አገኘን

የምድጃው ውጤት፦ የጋሼ ቡና 11.3፣ ሲዳማው 10.4፣ ጅማው 13.1።

አዎ፣ በትክክል አንብባችኋል። የጋሼ ቡና 11.3 ነው። ጥርሳቸው ከማሽናችን በልጧል።

ማሽን ሀ የጋሼን ቡና ከ11.2 እስከ 11.5፣ ሲዳማውን ከ10.3 እስከ 10.6፣ ጅማውን ከ12.9 እስከ 13.3 አለ። ከምድጃው የራቀው ቢበዛ በ0.2 ነው። ለመጋዘን ሥራ ከዚህ በላይ አንጠይቅም።

ማሽን ለ በቅደም ተከተል ከ12.1 እስከ 12.4፣ ከ11.2 እስከ 11.5፣ ከ13.8 እስከ 14.1 አለ። ልብ በሉ፣ ይሄ ማሽን ይዋሻል፤ ሲዋሽ ግን ሁሌ በአንድ ልክ ነው። ደረቅም ይሁን እርጥብ ወደ 0.9 ይጨምራል። ይሄን ካወቅህ ቀንሰህ ትሠራበታለህ። ካላወቅህ ግን የመጣውን ገበሬ ሁሉ ትቀጣለህ፣ ማሽኑም ሁሌ አንድ ዓይነት ስለሚናገር አትጠረጥረውም።

ማሽን ሐ የጋሼን ቡና አንዴ 10.1፣ አንዴ 12.6 አለ። ያው ቡና፣ ያው ሰው፣ ያችው ሰዓት! ጅማውንም ከ10.8 እስከ 13.5 እያለ ሲዋልል ዋለ። የሚገርማችሁ የጋሼን ቡና አሥሩን ንባብ ደምረን ስናካፍል 11.3 አካባቢ መጣ። ሻጩም "አማካዩ ትክክል ነው" ሊላችሁ ይችላል። ግን መጋዘን በር ላይ አሥር ጊዜ የሚለካ ማን አለ? የምትከፍለው በአንዱ ንባብ ነው። 13.1 የሆነ ቡና 10.8 ነው ብሎህ ካስገባኸው ሻጋታውን የምታገኘው በኋላ ነው። የዚህ ዓይነቱ መርፌ የሚለካው በፍሬዎቹ መሀል የሚያልፈውን ኤሌክትሪክ ስለሆነ ጠበቅ አድርገህ ስትወጋና ላላ አድርገህ ስትወጋ ቁጥሩ ይለያያል።

ማሽን መ እኔን በጣም ያስፈራኝ እሱ ነው። የጋሼን ቡና ከ11.2 እስከ 11.5፣ ሲዳማውን ከ10.4 እስከ 10.6 አለ። እንደ ኦሪጅናሉ ነው፣ እሰይ አልን። ጅማው ላይ ሲደርስ ግን ከ12.1 እስከ 12.4። ከምድጃው ወደ 0.9 ዝቅ አለ። ደረቁን ቡና በትክክል ይለካል፣ እርጥቡን ግን ደረቅ አስመስሎ ያሳልፋል። ማሽን የምንገዛው እርጥቡን እንዲይዝልን አልነበረም እንዴ? ወዳጃችንም ኩባያውን ሲቀይር በደረቅ ቡና ብቻ ሞክሮት ነበር፤ ስለዚህ ፈተናውን አልፎ ቁጭ ብሏል።

በፈረሱላ ሲታሰብ

ስሌቱ ቀላል ነው። ቡና ሲደርቅ የሚቀንሰው ውሃው ነው፣ ደረቁ አካል አይነካም። የቡናውን ክብደት ከመቶ ላይ እርጥበቱን ቀንሳችሁ በሚቀረው ታባዙና፣ ከመቶ ላይ የሚፈለገውን እርጥበት ቀንሳችሁ በሚቀረው ታካፍላላችሁ።

የጋሼ 2,000 ኪሎ በ87.7 ተባዝቶ በ88.5 ሲካፈል 1,982 ይመጣል። የቀነስነው 18 ኪሎ ይሄ ነው። አንድ ፈረሱላ 17 ኪሎ ነው፤ ስለዚህ ከሰውየው ላይ አንድ ፈረሱላ ከነምራቂው ወስደናል፣ በሌለ ውሃ። ከ11.5 በታች ለነበረ ቡና አንድም ኪሎ መቀነስ አልነበረብንም።

አሁን ወደ ላኪው እንምጣ። አንድ ኮንቴይነር፣ 320 ከረጢት በ60 ኪሎ፣ 19,200 ኪሎ ነው። እንደ ማሽን መ ያለ ዕቃ 12.2 ብሎ ያሳለፈውን ቡና ገዛህ እንበል። ወደ 11.5 ስታደርቀው 152 ኪሎ እንደሚቀንስ አስበህ ዋጋ ሰጠህ። እውነተኛው 13.1 ከሆነ ግን የሚቀንሰው 347 ኪሎ ነው። ልዩነቱ 195 ኪሎ፣ ማለትም 11 ፈረሱላ ተኩል። ለውሃ የከፈልከው ነው እንግዲህ። የዛሬውን ዋጋ በ11.5 አባዙና ከኦሪጅናል ማሽን ዋጋ ጋር አስተያዩት።

ይሄ እንግዲህ ቡናው በጊዜ ከተነቃበትና ከደረቀ ነው። ሳይነቃበት ኮንቴይነር ውስጥ ከገባ፣ ቀን ሲሞቅ ሌሊት ሲቀዘቅዝ ውሃው ከጣሪያው ላይ ተመልሶ ይንጠባጠባል። ሻጋታ ደግሞ ኦክራቶክሲን የሚባለውን መርዝ ያመጣል። የአውሮፓ ህብረት እ.ኤ.አ. ከ2023 ጀምሮ ለተቆላ ቡና የሚፈቅደውን መጠን በኪሎ ከ5 ወደ 3 ማይክሮግራም አውርዷል፤ ስለዚህ የዚያ ገበያ ገዢ ይሄን ነገር እንደ ድሮው ችላ አይለውም።

የሙቀት ነገር

አንድ ተጨማሪ ሙከራ አደረግን። እኩለ ቀን ላይ ከማድረቂያ አልጋ ቡና አንስተን ወዲያው ለካን፣ ከዚያ አሽገን ጥላ ውስጥ አቀዝቅዘን ደገምነው። በማሽን ሀ ልዩነቱ 0.2 ሆነ። በማሽን ለ ግን ትኩሱ በ0.7 ከፍ ብሎ ተነበበ። ብዙ ማኅበራት የሚለኩት አልጋው አጠገብ፣ ጠራራ ፀሐይ ላይ ነው። ገበሬው "ደርቋል" ማሽኑ "አልደረቀም" እየተባባሉ የሚውሉት አንዳንዴ በዚህ ነው።

ለሰሊጥ ነጋዴዎችም አንድ ቃል። እነዚህ ማሽኖች ውሃውን ራሱን አይለኩም፤ ፍሬው ለኤሌክትሪክ የሚሰጠውን ምላሽ ይለኩና በተሞላላቸው ቀመር ወደ እርጥበት ይቀይሩታል። ሰሊጥ ግማሽ ያህሉ ዘይት ነው። በቡና ወይም በበቆሎ ቀመር ብትለኩት የምታገኙት ቁጥር የሰሊጥ አይደለም። ማሽኑ የሰሊጥ ምርጫ ከሌለው አትግዙት።

እንግዲህ ምን እናድርግ?

ርካሽ አትግዙ አልልም። የሁሉም ኪስ አንድ አይደለም፣ ማሽን ለም ልኩ ከታወቀ በኋላ ዛሬም እየሠራልን ነው። የምለው ሳትፈትኑ ገንዘብ አታስቆርጡበት ነው።

1. ከአንድ ናሙና አሥር ጊዜ ለኩ። በትንሹና በትልቁ ንባብ መሀል ከ0.5 በላይ ልዩነት ካለ ማሽኑን መልሱ። ተለዋዋጭ ማሽን ማስተካከያ የለውም።
2. ሦስት ናሙና፣ ማለትም ደረቅ፣ መካከለኛና እርጥብ፣ ቤተ ሙከራ ልካችሁ በምድጃ አስለኩ። ወጪውን ዩኒየኑ ለአባል ማኅበራቱ በአንድ ጊዜ ቢሸፍነው ለእያንዳንዱ ይቀላል።
3. ልዩነቱ በሦስቱም ላይ አንድ ዓይነት ከሆነ ማሽኑ ላይ በወረቀት ለጥፉት፦ "0.9 ቀንስ"። እርጥቡ ላይ ብቻ ከሳተ ግን ለግዢ አትጠቀሙበት።
4. ኩባያም ሆነ ሌላ መለዋወጫ ከተቀየረ ማሽኑ እንደ አዲስ ይፈተን።
5. ቡናውን ጥላ ውስጥ ሳታቀዘቅዙ አትለኩ።
6. ክርክር ሲነሳ ሦስት ጊዜ ለኩ፣ ሻጩም ቁጥሩን በዓይኑ ይይ። ናሙናውንም ሁለታችሁ ፈርማችሁበት አሽጉ። የጋሼ ናሙና ታሽጎ ባይቀመጥ ኖሮ እውነቱን አናውቅም ነበር።

ጋሼን ውጤቱ እንደመጣ ደወልኩላቸው። "ጋሼ፣ ማሽኑ እርጥብ ነበር" አልኳቸው። ትንሽ ዝም አሉና "የኔስ ይሁን፤ ከኔ በኋላ በዚያ ማሽን ስንት ሰው አለፈ?" ብለው ጠየቁኝ።

መዝገቡን ገልጬ ቆጠርኩ፤ ሰባት ሰው። ሁለቱ ናሙናቸው የለም፣ ግን ማሽኑ በሁሉም ላይ በአንድ ልክ ስለጨመረ ሒሳባቸውን መልሶ መሥራት አላስቸገረም። የጋሼን 18 ኪሎ ጨምሮ ለስምንቱም በቀነስንበት ቀን ዋጋ ከፍለናል። ባለቤቱ መጀመሪያ ፊቱን አጥቁሮ ነበር፤ በሚቀጥለው ሳምንት ጋሼ ሁለት ጎረቤቶቻቸውን ይዘው ሲመጡ ግን ምንም አላለም።

እናንተስ የምትለኩበትን ማሽን መጨረሻ የፈተናችሁት መቼ ነው? በኮሜንት ጻፉልን። ለማኅበራችሁና ለአቅራቢዎቻችሁም ሼር አድርጉት። የዋጋ ሰንጠረዡ ነገ ጠዋት ይመለሳል።