የቀደሙት የሶፍትዌር ሲንተሳይዘሮች

የሶፍትዌር ሲንተሳይዘር በኮምፒውተር የሙዚቃ ማቀናበሪያ ውስጥ ተጭኖ ድምፅን በስሌት የሚያመነጭ ፕለጊን ነው። የጀርመኑ ስታይንበርግ ቪኤስቲ የተባለውን የፕለጊን ደንብ እ.ኤ.አ. በ1996 አውጥቶ በ1999 ባሻሻለው ጊዜ ፕለጊኖች ከኪቦርድ የሚላክ ኖታ መቀበል ስለቻሉ፣ ቀድሞ በብዙ ገንዘብ ይገዛ የነበረው መሣሪያ በየአቀናባሪው ኮምፒውተር ውስጥ ለመግባት በቃ። በዚያ ዘመን ከተሠሩት መካከል ዛሬም የሚያኮሩ ሞልተዋል፤ ይሁንና ብዙ አቀናባሪዎች መልካቸው ያረጀ በመሆኑ ብቻ ሳይሞክሯቸው ያልፏቸዋል።

ጃፓናዊው ኢቺሮ ቶዳ የስዊድኑን ኖርድ ሊድ 2 አርአያ አድርጎ የሠራውና በነፃ የሚገኘው ሲንዝ1 ለዚህ ዋና ምሳሌ ነው። መቆጣጠሪያዎቹ በአንድ ገጽ ላይ ስለተደረደሩ ተጠቃሚው ድምፁ ከየት ተነሥቶ የት እንደሚደርስ በዓይኑ ይከታተላል። ዜማ የሚመራ ድምፅ የሚሻ ሰው ሁለቱን ኦሲሌተሮች፣ ማለትም ሞገድ አመንጪዎቹን፣ የመጋዝ ጥርስ ቅርጽ ባለው ሞገድ ላይ አድርጎ ሁለተኛውን በጥቂቱ ያዛንፋል፤ ቀጭኑን የድምፅ ክፍል የሚያስቀረውን ፊልተር ዝቅ አድርጎ ፖርታሜንቶውን ሲከፍት ደግሞ፣ በማሲንቆ ጭራ ላይ ጣት እንደሚንሸራተት ሁሉ ዜማው ከኖታ ወደ ኖታ ሳይቆረጥ ይፈስሳል።

ከሁሉ ይልቅ መታረም የሚገባው፣ አሮጌ ፕለጊን «32 ቢት ስለሆነ የድምፁ ጥራት ዝቅተኛ ነው» የሚለው አባባል ሲሆን፣ ይህ ሁለት የማይገናኙ ነገሮችን የሚያደባልቅ ስሕተት ነው። ሲዲ 16 ቢት፣ የስቱዲዮ ቅጂ 24 ቢት ነው ሲባል ቁጥሩ የሚያመለክተው በየቅጽበቱ የሚለካው የድምፅ መጠን በስንት ደረጃ ተከፋፍሎ እንደሚመዘገብ ነው፤ ይህ በእርግጥ የጥራት ጉዳይ ነው። ፕለጊን 32 ቢት ነው ሲባል ግን የሚነገረው ፕሮግራሙ ሊደርስበት ስለሚችለው የሜሞሪ ስፋት ሲሆን፣ በ32 ቢት ሊጻፉ የሚችሉት አድራሻዎች 4,294,967,296 በመሆናቸው ጣሪያው 4 ጊጋባይት ነው። ይህ ጣሪያ የተቀዱ የኦርኬስትራ ናሙናዎችን ለሚጭን ፕለጊን ሊጠብ ይችላል፤ ሞገዱን ራሱ እያሰላ ለሚያመነጭ ሲንተሳይዘር ግን ከበቂ በላይ ነው። እንዲያውም 32 ቢቱም ሆነ 64 ቢቱ ፕለጊን በተለመደው አሠራር ድምፁን ለማቀናበሪያው የሚያስረክበው በአንድ ዓይነት የቁጥር አጻጻፍ ስለሆነ፣ ሠሪው ያንኑ ስሌት በሁለቱም ቢያወጣው ጆሮ የሚለየው ነገር አይኖርም። በአንዳንድ አሮጌ ፕለጊኖች ከፍተኛ ኖታዎች ላይ የሚሰማው አሊያሲንግ የተባለ ሻካራ ጩኸትም የመጣው ሞገዱ ከተሰላበት መንገድ ነው። ለእንዲህ ያለ ሲንተሳይዘር የ32 ቢት ችግር ተቀባይ ማጣት ብቻ ነው፤ ኪውቤዝ የተባለው ማቀናበሪያ በ2016 በወጣው 9ኛ እትሙ፣ አፕል ደግሞ በ2019 ባወጣው ካታሊና በተባለው ሲስተም እንዲህ ያሉ ፕሮግራሞችን መቀበል አቁመዋል።

አሮጌዎቹ ሲንተሳይዘሮች ኮምፒውተሩን ብዙም አያደክሙም፤ ይህ ቅለታቸው በጅቡቲ ከተማ የተለየ ዋጋ አለው። በሐምሌና በነሐሴ ሙቀቱ ከ40 ዲግሪ ሲያልፍ፣ በካርቲየ 7 ቢስ ሰፈር ያለ ማቀዝቀዣ በአንድ ክፍል ውስጥ የሚሠራ ላፕቶፕ ራሱን ከግለት ለመጠበቅ ፍጥነቱን ስለሚቀንስ፣ ከባድ ፕለጊን ድምፁን ያቆራርጠዋል፤ ሲንዝ1 ግን በብዙ ትራክ ላይ ተደራርቦ ይሠራል። የሲንተሳይዘር ዜማም ለከተማዋ ባዳ አይደለም፤ በጅቡቲ ሬዲዮና ቴሌቪዥን መዝገብ ቤት ተጠብቀው በ2021 በኦስቲናቶ ሪከርድስ የታተሙት የ4 ማርስ ባንድ ሥራዎች ለዚህ ይመሰክራሉ። የባንዱን ዘመን ድምፅ ለሚወድ ሰው ደግሞ ዴክስድ የተባለው ነፃ ፕለጊን አለለት፤ ይህም የያማሃን የ1983 ዲኤክስ7 ከስድስት ኦፕሬተሮቹና ከ32 አልጎሪዝሞቹ ጋር፣ ማለትም ሞገድ ሰጪዎቹና የሚያያዙባቸው መንገዶች ሳይጎድሉ፣ ያስመስላል። የመጀመሪያው መሣሪያ ያልነበረው ቅኝትን የመለወጥ ችሎታ ስለተጨመረበትም፣ ባቲን ወይም አንቺሆዬን ከፒያኖው እኩል ክፍፍል አውጥቶ በጆሮው ልክ መቃኘት ለሚሻ አቀናባሪ ይመቻል።

አሮጌ ፕለጊን የሚጠቀም ሁሉ የኮምፒውተሩን ሲስተም ከማደሱ በፊት እያንዳንዱን የሲንተሳይዘር ትራክ ወደ ኦዲዮ ለውጦ ያስቀምጥ፤ የመጫኛ ፋይሉንም ከሠሪው ዘንድ እንጂ ምንጩ ካልታወቀ ፍላሽ አይውሰድ። ይህን ቸል ብሎ ሥራው አልከፈት ያለው ሰው ጥፋቱን በፕለጊኑ ላይ ማላከክ አይገባውም።