ባሕረ ሐሳብ፤ በቃል፣ በሒሳብና በኮምፒዩተር ቋንቋ

በኢትዮጵያ ኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ቤተ ክርስቲያን የአጽዋማትና የበዓላት ቀን የሚወሰንበት የቍጥር ትምህርት ባሕረ ሐሳብ ይባላል። ትምህርቱ ከመምህር ወደ ደቀ መዝሙር ሲተላለፍ የኖረው በአብዛኛው በቃል ነው፤ የመደመር፣ የመቀነስ ወይም የእኩልነት ምልክት በውስጡ የለም። ሆኖም እያንዳንዱ እርምጃ በሒሳብ ምልክት ሊጻፍ፣ ከዚያም ኮምፒዩተር በሚታዘዝበት ቋንቋ ሊገለጽ ይችላል። ስለዚህ የሰው ቋንቋ፣ ሒሳብና የኮምፒዩተር ቋንቋ ያላቸውን ዝምድና ለመመርመር ለሚሻ ሰው ባሕረ ሐሳብ የተመቸ ምሳሌ ነው።

ሥርዐቱ ባጭሩ የሚከተለው ነው። በዓመተ ምሕረቱ ላይ 5500 ዓመተ ኵነኔ ሲጨመር ዓመተ ዓለም ይገኛል። ዓመተ ዓለሙ ለ19 ተካፍሎ ከትራፊው አንድ ሲቀነስ የቀረው ወንበር ይባላል። ወንበሩ በ11 ተባዝቶ በ30 ሲገደፍ የሚተርፈው አበቅቴ፣ በ19 ተባዝቶ በ30 ሲገደፍ የሚተርፈው መጥቅዕ ነው። መጥቅዑ ከ14 የበለጠ እንደ ሆነ በዓለ መጥቅዕ በመስከረም፣ ያነሰ እንደ ሆነ በጥቅምት ይውላል። በዓሉ የዋለበት ዕለት ተውሳክ በመጥቅዑ ላይ ሲጨመር መባጃ ሐመር ይሆናል፤ እርሱም ጾመ ነነዌ የሚገባበትን ቀን ያስታውቃል። ነነዌ ከገባ ከ69 ቀን በኋላ ፋሲካ ይውላል።

እነዚህን ቍጥሮች ትውፊቱ የእስክንድርያ ሊቀ ጳጳሳት ለነበረው ለድሜጥሮስ ሱባዔ ይሰጣል። 23 ሱባዔ በ7 ተባዝቶ 161 ይሆንና በ30 ሲገደፍ 11 ይተርፋል፤ 7 ሱባዔም በ7 ተባዝቶ 49 ይሆንና በ30 ሲገደፍ 19 ይተርፋል። በሥነ ፈለክ በኩል ሲታይ ደግሞ 11 በ365 ቀን የፀሐይ ዓመትና በ354 ቀን የጨረቃ ዓመት መካከል ያለው ልዩነት ነው፤ 19 ደግሞ 11 ከ30 ላይ ሲነሣ የሚቀረው ነው። አበቅቴና መጥቅዕ ሲደመሩ ዘወትር 30 የሚሆኑትም ስለዚህ ነው።

የ2017 ዓ.ም. ስሌት እንደ ማስረጃ ሊቀርብ ይችላል። ዓመተ ዓለሙ 7517፣ ለ19 ሲካፈል ትራፊው 12፣ ወንበሩ 11 ነው። አበቅቴው 1፣ መጥቅዑ 29 ይሆናል። መስከረም 29 ቀን ረቡዕ ዋለ፤ የረቡዕ ተውሳክ 4 ስለ ሆነ ድምሩ 33 ይሆንና 30 ሲገደፍ 3 ይተርፋል። ነነዌ በየካቲት 3 ቀን ገባ፤ ፋሲካም በሚያዝያ 12 ቀን ዋለ።

በአውሮፓ ደግሞ ጀርመናዊው የሒሳብ ሊቅ ጋውስ ለዚሁ ለፋሲካ ጉዳይ እ.ኤ.አ. በ1800 አንድ ቀመር አሳተመ፤ በ1816ም ስሕተቱን አረመ። በእርሱም ውስጥ በ19 ማካፈል፣ በ19 ማባዛትና በ30 መግደፍ ይገኛሉ። ነገር ግን በሁለቱ አነጋገር መካከል ልዩነት አለ። የሒሳብ ቀመር የሚናገረው አንዱ ቍጥር ከሌላው ጋር ምን ዝምድና እንዳለው ነው፤ ባሕረ ሐሳብ ግን ትእዛዝ ነው፤ «ጨምር፣ አካፍል፣ ቀንስ፣ ግደፍ» እያለ ሠሪውን ደረጃ በደረጃ ይመራዋል። በዚህ ረገድ ከቀመር ይልቅ ለኮምፒዩተር ፕሮግራም ይቀርባል። በአማርኛ «ነው» እና «ይሁን» የተለያዩ ናቸው፤ በሒሳብ አንድ ቍጥር ከራሱ በአንድ ያንሳል ቢባል ሐሰት ነው፤ በፕሮግራም ግን «ከአሁኑ በአንድ ይነስ» የሚል ትክክለኛ ትእዛዝ ነው። እ.ኤ.አ. በ1957 የወጣው ፎርትራን ለዚህ ትእዛዝ የእኩልነትን ምልክት ራሱን ተጠቀመ፤ በ1960 የታተመው አልጎል 60 ግን በፊቱ ሁለት ነጥብ ጨምሮ «ነው» ከሚለው ለየው።

ሆኖም ቃሉ ወደ ፕሮግራም ሲገለበጥ የሚቀር ነገር አለ። ዓመተ ዓለሙ ለ19 ያለ ትራፊ በተካፈለ ጊዜ አንድ የሚቀነሰው ከምን ላይ ነው? መምህሩ 19 እንደ ተረፈ ቈጥሮ ወንበሩን 18፣ መጥቅዑን 12 ያደርጋል። ሥርዐቱን ብቻ የተቀበለ ኮምፒዩተር ግን ከዜሮ ላይ አንድ ቀንሶ ከዜሮ በታች ይወርዳል፤ በ19 ሲያባዛውም ከዜሮ በታች 19 ያገኛል። ይህን በ30 ሲገድፉ አንዳንዶቹ የኮምፒዩተር ቋንቋዎች 11 ይሰጣሉ፤ ሌሎቹ ከዜሮ በታች 19 እንደ ሆነ ይተዉታል። ሁለተኛው በግልጽ ስለሚታይ ቶሎ ይታረማል፤ አስቸጋሪው የመጀመሪያው ነው። በ2005 ዓ.ም. ጥቅምት 12 ቀን ሰኞ ስለ ነበረ በተውሳኩ በ6 መባጃ ሐመሩ 18 ሆነ፤ በስሕተቱ መንገድም ጥቅምት 11 ቀን እሑድ ስለ ሆነ በተውሳኩ በ7 ያው 18 ይገኛል፤ ፋሲካውም ሚያዝያ 27 ሆኖ ይገጥማል። በ2043 ዓ.ም. ግን ጥቅምት 12 ቀን ቅዳሜ፣ ተውሳኩም 8 ስለሚሆን ትክክለኛው መባጃ ሐመር 20፣ ፋሲካውም ሚያዝያ 29 ነው፤ የተሳሳተው ፕሮግራም ዓርብንና ተውሳኩን 2ን ይዞ 13 ያወጣና ፋሲካን በሚያዝያ 22 ያውላል። በአንዱ ዓመት ተሰውሮ ያለፈ ጕድለት በሌላው ዓመት ሙሉ ሳምንት ያሳስታል ማለት ነው።

ሁለተኛውም ምሳሌ ከዚህ ይቀራረባል። በ2006 ዓ.ም. ትራፊው 1 ስለ ነበረ ወንበሩ አልቦ፣ አበቅቴውም አልቦ ሆነ። በግእዝ አኀዝ ዘንድ ለዜሮ ምልክት የለም፤ «አልቦ» የሚለው ቃል ግን ሥራውን ይፈጽማል። መጥቅዑን መምህሩ 30 ይለዋል፤ በዓሉም በመስከረም 30 ዋለ። ፕሮግራሙ ግን መጥቅዑን ዜሮ ብሎ፣ ከ14 ስለሚያንስ በጥቅምት ውስጥ ዜሮኛውን ቀን ይፈልጋል፤ እንዲህ ያለ ቀን ደግሞ የለም።

ከዚህ እንደሚታየው ሦስቱ አነጋገሮች አንዱን ስሌት ቢሸከሙም የሚጠይቁት አድማጭ አንድ ዓይነት አይደለም። የሰው ቋንቋ አሳጥሮ የሚናገረው ሰሚው የቀረውን ከመምህሩ ይሰማል፣ ወይም በማስተዋል ይሞላል ብሎ ነው። ሒሳብ ዝምድናውን አጥርቶ ያሳያል፤ ነገር ግን ትራፊ ሲባል ከየት እስከ የት እንደ ሆነ አስቀድሞ መወሰን አለበት። የኮምፒዩተር ቋንቋ ያልተነገረውን በማስተዋል አይሞላም፤ በራሱ ደንብ ይፈጽመዋል እንጂ። እንግዲህ የቃል ትምህርትን የሚሰበስብ ተመራማሪ ዋናውን ደንብ ብቻ ጽፎ ቢሄድ ትምህርቱን በሙሉ አልያዘም። ያለ ትራፊ ሲካፈልና አልቦ ሲመጣ ምን እንደሚደረግ መምህሩን ጠይቆ መጻፍ አለበት፤ ደንቡ ዝም በሚልበት ስፍራ የሚናገረው መምህሩ ነውና።