የጨዋታ ዲስክ ሳያረጅ ቅጂውን ስለ ማኖር

አበው «ሳይቃጠል በቅጠል» ያሉት ለቤትና ለማሳ ብቻ አይደለም። ዛሬ ደኅና ሆኖ የሚታየው ዕቃ ነገ ሊበላሽ እንደሚችል ዐውቆ አስቀድሞ መጠንቀቅ የአስተዋይ ባለቤት ተግባር ነው። የቤት ውልን በሁለት ቅጂ የምናጽፈው፣ የልጆቻችንን የልደትና የክርስትና ምስክር ወረቀት ፎቶ ኮፒ አንሥተን የምናስቀምጠው ስለዚሁ ነው። ዛሬ ግን ወላጆች ብዙ ጊዜ እንደ ከንቱ ነገር ቆጥረው ስለሚያልፉት፣ ልጆች ግን እንደ ትልቅ ሀብት ስለሚጠብቁት ዕቃ እንነጋገራለን፤ ይኸውም የቪዲዮ ጨዋታ ዲስክ ነው። ዲስኩ ሲያረጅ ጨዋታው አብሮ እንዳይጠፋ ቅጂው እንዴት እንደሚዘጋጅ፣ በመሣሪያውም ላይ እንዴት እንደሚጫን፣ ደግሞም የተገባው ቅጂ ካልተገባው የሚለይበት ድንበር የት እንደ ሆነ በየተራ እንገልጻለን።

በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ከአገራችን ዐዋጅ ቁጥር በቀር በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

መሣሪያውና ዕድሜው

ለምሳሌ የምንወስደው የሶኒ ኩባንያ የሠራውን ፕሌይስቴሽን 2 የተባለውን መሣሪያ ነው። መሣሪያው በመጋቢት 2000 በጃፓን አገር ለገበያ ወጣ፤ ሥራው እስከ ቆመበት እስከ 2013 መባቻ ድረስም ከ150 ሚሊዮን በላይ ተሸጠ። ይህንን የመረጥንበት ምክንያት በከተሞቻችን በሚገባ የታወቀ በመሆኑ ነው። «ፕሌይስቴሽን ቤት» እየተባሉ በሚጠሩት ክፍሎች ወጣቶች ሒሳብ እየከፈሉ በእግር ኳስ ጨዋታ ሲወዳደሩበት ኖረዋል፤ ከውጭ አገር የሚመጣ ዘመድም ለልጆች ስጦታ ብሎ ይዞት ይመጣ ነበር።

አሁን ግን ዘመኑ አልፎበታል። ፊፋ 14 እና ፔስ 2014 የተባሉት የእግር ኳስ ጨዋታዎች በ2013 ከወጡለት ከመጨረሻዎቹ ዲስኮች መካከል ናቸው። ኩባንያው በጃፓን ይሰጥ የነበረውን የጥገና አገልግሎት በ2018 አቁሟል። ስለዚህ አንድ ዲስክ ቢሰበር አዲስ ምትክ ከፋብሪካ አይመጣም፤ ያገለገለ መፈለግ ግድ ይሆናል። ነገሩ የዚህ መሣሪያ ብቻ አይደለም። የቪዲዮ ጨዋታ ታሪክን የሚያጠና አንድ የአሜሪካ ድርጅት በ2023 ባወጣው ጥናት፣ ከ2010 በፊት በአሜሪካ ከወጡት የጥንት ጨዋታዎች ውስጥ 87 በመቶ የሚሆኑት ዛሬ በገበያ እንደማይገኙ ገልጿል።

የሚደክመውም ሁለት ነገር ነው። አንደኛው ዲስኩ ራሱ ነው፤ የሚነበበው ገጹ በእጅ አያያዝ ይጫጫራል። ሁለተኛው ዲስኩን የሚያነበው የሌዘር ዓይን ነው፤ ይህ ዓይን አቧራ ሲለብሰውና ዓመታት ሲያልፉበት ኃይሉ ይቀንሳል፤ ያን ጊዜም ጤናማውን ዲስክ እንኳ «ማንበብ አልቻልሁም» ይላል። መጠባበቂያ ቅጂን በፍላሽ ወይም በሀርድ ዲስክ ላይ መጫን ሁለቱንም በአንድ ጊዜ ያሳርፋል፤ ዋናው ዲስክ በሣጥኑ ይቀመጣል፣ የሌዘሩም ዓይን አይደክምም።

መሣሪያው ቅጂን ስለ ምን አይቀበልም?

የፋብሪካው ዲስክ በተለመደ የኮምፒዩተር መቅጃ ሊጻፍ የማይችል የተለየ ምልክት አለበት። መሣሪያው ሲነሣ አስቀድሞ ያንን ምልክት ይፈልጋል፤ ካላገኘው የዲስኩ ይዘት ምንም ያህል ትክክለኛ ቢሆን አልቀበልም ይላል። ከዚህም ሌላ ምልክቱ የአገር ክፍልን ይለያል። አጎት ከአሜሪካ የላከው ዲስክ ከዱባይ በተገዛው መሣሪያ ላይ የማይሠራው ስለዚህ ነው፤ ዲስኩም መሣሪያውም ጤናማ ሆነው ሳለ አልስማማ ይላሉ።

ይህንን ቁልፍ ለመክፈት በመጀመሪያ የተገኘው ዘዴ በመሣሪያው ውስጥ ቺፕ መበየድ ነበር። ይህ ሥራ ቀጫጭን ሽቦዎችን በትክክለኛው ነጥብ ላይ ማያያዝን ስለሚጠይቅ፣ እጁ ያልሠለጠነ ሰው ከሞከረው መሣሪያውን ይገድላል። በ2008 ግን መበየድ የማያስፈልገው ሌላ መንገድ ተገኘ፤ ስሙም ፍሪ ማክቡት ይባላል። አሠራሩ እንዲህ ነው፦ መሣሪያው ሲነሣ በሜሞሪ ካርዱ ላይ ከፋብሪካው የመጣ የማሻሻያ ፕሮግራም እንዳለ ይፈትሻል። ባለሞያዎቹ የራሳቸውን ፕሮግራም በዚያ ስፍራ አኖሩ፤ መሣሪያውም እንደ ራሱ ቈጥሮ አስነሣው። የመጨረሻዎቹ ሞዴሎች ግን ይህ በር ተዘግቶባቸው ስለ ወጡ ዘዴው አይሠራባቸውም። በ2020 ደግሞ የፊልም ማሳያውን ክፍል በመጠቀም በተቀዳ ዲስክ የሚጀመር ሌላ መንገድ ታውቋል፤ ይህም ለቀጫጭኖቹ ሞዴሎች ይልቁን ይስማማል።

የአሠራሩ ቅደም ተከተል

በመጀመሪያ የሚያስፈልገው የተዘጋጀ ሜሞሪ ካርድ ነው። ካርዱን ማዘጋጀት የሚቻለው አስቀድሞ በተከፈተ ሌላ መሣሪያ ወይም ከላይ በገለጽነው የዲስክ መንገድ ነው። ከካርዶቹ መካከል በርካሽ የተሠሩት አንዳንዶቹ ይህንን ፕሮግራም አይቀበሉምና ከመግዛት በፊት መጠየቅ ይገባል።

ሁለተኛው ሥራ የራስን ዲስክ ወደ ኮምፒዩተር መገልበጥ ነው። ዲስኩ በለስላሳ ጨርቅ ከመካከል ወደ ዳር ይጠረጋል፤ ከዚያም በኮምፒዩተሩ ዲቪዲ ማንበቢያ ገብቶ ሙሉ ይዘቱ አይኤስኦ የሚባል አንድ ፋይል ይሆናል። የሲዲ ጨዋታ እስከ 700 ሜጋባይት ያህል ይይዛል፤ የዲቪዲ ጨዋታ በአንድ ድርብ 4.7 ጊጋባይት፣ በሁለት ድርብ 8.5 ጊጋባይት ድረስ ይደርሳል።

ሦስተኛው ሥራ ማመሳከር ነው፤ ብዙዎችም የሚዘነጉት ይህንን ነው። በአገራችን ቁም ጸሐፊ አንድ መጽሐፍ ገልብጦ ሲጨርስ ከዋናው ጋራ ሳያመሳክር «ተፈጸመ» አይልም፤ የአንድ ቃል ግድፈት ከቅጂ ወደ ቅጂ እየተላለፈ እንደሚኖር ያውቃልና። የዲስክም ቅጂ እንዲሁ ነው። ኮምፒዩተሩ የፋይሉን ይዘት ሁሉ አስልቶ አጭር የፊደልና የቁጥር መለያ ያወጣል፤ በፋይሉ ውስጥ አንዲት ምልክት እንኳ ብትለወጥ መለያው ሌላ ይሆናል። ሬደምፕ የተባለው የበጎ ፈቃደኞች ማኅበር የብዙ ዲስኮችን መለያ መዝግቦ ስለ አኖረ፣ የእኛን ከእርሱ ጋራ ማስተያየት ይቻላል። ከተስማማ ቅጂው የታመነ ነው፤ ካልተስማማ ዲስኩን እንደ ገና ጠርጎ መገልበጥ ነው።

አራተኛው ሥራ ፋይሉን መሣሪያው ወደሚያነበው ዕቃ ማዛወር ነው። በሜሞሪ ካርዱ ላይ የሚኖረው ኦፒኤል የተባለ ፕሮግራም ጨዋታውን ከሦስት ስፍራ ሊያነብ ይችላል፤ እነርሱም በዩኤስቢ ከሚሰካ ፍላሽ፣ በኔትዎርክ ገመድ ከተያያዘ ኮምፒዩተር፣ በትልቁ ሞዴል ደግሞ በውስጡ ከሚገባ ሀርድ ዲስክ ናቸው። በፍላሹ ላይ «ሲዲ» እና «ዲቪዲ» የሚሉ ሁለት ማኅደሮች በላቲን ፊደል ይከፈታሉ፤ እያንዳንዱ ጨዋታ ከመጣበት የዲስክ ዓይነት ጋራ በሚስማማው ማኅደር ይገባል።

በዚህ ላይ ሦስት ነገሮች ሰውን ያሰናክላሉ። ፋት 32 በተባለው አደራጀት የተዘጋጀ ፍላሽ ከ4 ጊጋባይት የሚበልጥ ፋይል አይቀበልም፤ ስለዚህ ትልቁ ጨዋታ ለዚሁ በተሠራ ፕሮግራም መከፋፈል አለበት። ሁለተኛ፣ ፋይሉ በፍላሹ ላይ ተበታትኖ ከተጻፈ ኦፒኤል ላያስነሣው ይችላል። እንግዲህ «ቀስ በቀስ ዕንቁላል በእግሩ ይሄዳል» እንደሚባለው፣ ፍላሹን ባዶ አድርጎ ጨዋታዎቹን አንድ በአንድ መጫን ይሻላል፤ አሥሩን በአንድ ጊዜ የሚያጭቅ ሰው ኋላ ተመልሶ ከመጀመሪያው ይጀምራል። ሦስተኛ፣ የዚህ መሣሪያ የዩኤስቢ መሰኪያ የጥንት ስለ ሆነ ቢበዛ በሰከንድ 1.5 ሜጋባይት ያህል ብቻ ያሳልፋል፤ የዲስክ ማንበቢያው ግን ዲቪዲን በሰከንድ 5 ሜጋባይት ያህል ያነባል። በፍላሽ የተጫነ ጨዋታ በመካከሉ ያለው ፊልም የሚንቀጠቀጠው ቅጂው ስለ ተበላሸ ሳይሆን ስለዚህ ነው። በኔትዎርክ ገመድ ወይም በሀርድ ዲስክ ሲሆን ይህ ችግር እጅግ ይቀንሳል።

ልጆች ከዲስኩ ይልቅ የሚሳሱለት ሌላም ነገር አለ፤ ይኸውም በሜሞሪ ካርዱ ላይ የተቀመጠው የጨዋታቸው ሂደት ነው። የፋብሪካው ካርድ የሚይዘው 8 ሜጋባይት ብቻ ቢሆንም፣ የታላቅ ወንድም የክረምት ድካም፣ የእኅትና የወንድም ውድድር መዝገብ በዚያ ውስጥ ይኖራል። ካርዱ ሲበላሽ ዲስክ በመግዛት አይመለስም። ዩላውንች የተባለው ፕሮግራም ይህንን መዝገብ ከካርዱ ወደ ፍላሽ ይገለብጣል፤ ሥራውም ከሁሉ የሚቀልና ከሁሉ አስቀድሞ ሊደረግ የሚገባው ነው።

ሕጉ ምን ይላል?

የአገራችን የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ ዐዋጅ ቁጥር 410/1996 በአንቀጽ 14 ስለ ኮምፒዩተር ፕሮግራም ሲናገር፣ በሕጋዊ መንገድ የአንድ ቅጂ ባለቤት የሆነ ሰው ለማኅደርነትና ያለው ቅጂ ቢጠፋ ወይም ቢበላሽ ለመተካት አንድ ቅጂ እንዲያዘጋጅ ይፈቅዳል። ዋናውን መያዝ ሕጋዊነቱ ሲያበቃ ግን ቅጂውም እንዲወገድ ያዝዛል። እንግዲህ የሕጉ አሳብ ግልጽ ነው፤ ቅጂ የዋናው ጥላ ነው። ዋናውን ለጎረቤት ሸጦ ቅጂውን ለራስ ማስቀረት አንዱን በግ ሸጦ በጉን መልሶ ወደ በረት እንደ ማስገባት ይቆጠራል።

ቁልፉን ስለ መክፈት ግን የየአገሩ ፍርድ ይለያያል፤ በውጭ አገር የሚኖሩ አንባብያን ይህንን ልብ ሊሉ ይገባል። በአውስትራሊያ ከፍተኛው ፍርድ ቤት በ2005 የፕሌይስቴሽን ቺፕ ይሸጥ ለነበረ ሰው ፈረደለት፤ በ2006 ግን ሕጉ ራሱ ተሻሽሎ ጠበቀ። የአውሮፓ ኅብረት ፍርድ ቤት በ2014 በሰጠው ውሳኔ፣ ቁልፉ ከሚያስፈልገው በላይ የከበደ እንደ ሆነና የመክፈቻው መሣሪያ በተግባር ለምን እንደሚውል ዳኞች እንዲመዝኑ አዘዘ። በአሜሪካ የ1998ቱ ሕግ መክፈትን በጠቅላላው ይከለክላል፤ በ2021 የተበላሸ የዲስክ ማንበቢያን ለመጠገን ሲባል መክፈት ቢፈቀድም፣ ከጥገናው በኋላ ቁልፉ ወደ ቦታው እንዲመለስ ታዝዟል።

ከዚህ ሁሉ በላይ የሚያስጠነቅቀው በየሱቁ «መቶ ጨዋታ የተጫነበት» ተብሎ የሚሸጠው ሀርድ ዲስክ ነው። ይህ መጠባበቂያ ሊባል አይችልም። መጠባበቂያ ማለት የነበረውን እንዳይጠፋ መጠበቅ ነው፤ ያልነበረን ማግኘት ሌላ ስም አለው። መሣሪያውና ፕሮግራሙ በሁለቱም አንድ ዓይነት ስለ ሆነ፣ ልዩነቱን የሚያውቀው የቤቱ ባለቤት ብቻ ነው። ልጁም የሚማረው አባቱ ከሚናገረው ይልቅ አባቱ ገዝቶ ወደ ቤት ከሚያስገባው ነው።

ወላጆች ሊያስተውሉት የሚገባ

አንድ ነገር ደግሞ በቅጂ ላይ ሳይታሰብ ይጠፋል። የጨዋታው ሣጥን በሽፋኑ ላይ ለስንት ዓመት ልጅ እንደሚገባ የሚያመለክት ምልክት አለው። በአውሮፓ ከ2003 ጀምሮ 3፣ 7፣ 12፣ 16 እና 18 የሚሉ ቁጥሮች ይታተማሉ፤ በአሜሪካ ደግሞ ከ1994 ጀምሮ በፊደል ይመለከታል። ጨዋታው ወደ ፍላሽ ሲዛወር ሽፋኑ በቁም ሣጥን ይቀራል፤ በቴሌቪዥኑ ላይ የሚታየው የስም ዝርዝር ብቻ ነው። የእግር ኳሱና ደም የሚፈስበት የጦርነት ጨዋታ በአንድ መስመር ተከታትለው ይቆማሉ፤ የሰባት ዓመት ልጅም ሁለቱን በአንድ ጣት ይመርጣል። ቀድሞ አባት ዲስኩን ከፍ ባለ መደርደሪያ ላይ በማኖር ያደርገው የነበረው ቁጥጥር እንዲህ ባለ ሁኔታ ሳይታወቅ ይቀራል።

መድኃኒቱ ከባድ አይደለም። ለታናናሾቹ አንድ ፍላሽ፣ ለታላላቆቹ ሌላ ፍላሽ ይሁን። በአንድ ደብተርም የእያንዳንዱ ጨዋታ ስም፣ የዕድሜው ምልክት፣ ዋናው ዲስክ ያለበት ስፍራ፣ የተገለበጠበት ቀን ይጻፍ። ይህንን ደብተር መያዝ ለልጁ ቢሰጠው፣ ሥርዓትን የሚማርበት፣ የእርሱ የሆነውንና ያልሆነውንም የሚለይበት ትምህርት ይሆንለታል።

እንግዲህ በቤታችሁ እንዲህ ያለ መሣሪያ ያላችሁ ወላጆች፣ በመጪው የዕረፍት ቀን ከልጆቻችሁ ጋራ ተቀምጣችሁ ዲስኮቹን ቍጠሩ፤ የተጫጫሩትን ከደኅነኞቹ ለዩ፤ ከሁሉ አስቀድሞ የሜሞሪ ካርዱን መዝገብ ገልብጡ፤ ቀጥሎም ሊያልቁ የቀረቡትን ዲስኮች አንድ በአንድ እያመሳከራችሁ አኑሩ። ዲስኩ ከተሰነጠቀ በኋላ ማንም ባለሞያ ሊመልሰው አይችልምና፣ ጊዜው ሳለ መሥራት ይሻላል።