ሁለት የአባት ታሪኮች ያነሡት የሲኒማ ባለሙያ፤ አቶ አብርሃም ኃይሌ ብሩ

ሲኒማ የሚመለከት ሰው የተዋናዩን ፊት ያስታውሳል፤ የደራሲውንም ስም ይጠይቃል። ብርሃኑን ለክቶ፣ ጥላውን መርጦ ሥዕሉን ያነሣው ማን እንደ ሆነ የሚጠይቅ ግን ጥቂት ነው። አቶ አብርሃም ኃይሌ ብሩ በአገራቸው ቤተ ሰቦች ዘንድ እንደ ሥራቸው መጠን ሳይታወቁ የቀሩት በዚህ ምክንያት ይመስለናል።

በጉለሌ፣ ዊንጌት ከሚባለው ሠፈር የሚኖሩ ወላጆች «ልጄ የካሜራ ሙያ ልማር ይላል፤ እንጀራ ይሆነዋልን?» ሲሉ ሰምተናል። ሠፈሩ ስሙን ያገኘው በ1933 ዓ.ም. ለነጻነት በተደረገው ዘመቻ በጎጃም በኩል ከዘለቀው ከእንግሊዛዊው መኰንን ከኦርድ ዊንጌት፣ በስሙም ከተሰየመው ትምህርት ቤት ነው። ያ ትምህርት ቤት በኋላ ዘመን የቴክኒክ ሙያ ማስተማሪያ ስለ ሆነ፣ ጥያቄው በዚያ አካባቢ መነሣቱ አያስደንቅም። የቀድሞ ሰዎች በአዲስ አበባ የተከፈተውን ሲኒማ ቤት «ሰይጣን ቤት» ብለውት ነበር፤ የዛሬው ወላጅ የሚፈራው ግን ሰይጣንን ሳይሆን ደመወዝ ማጣትን ነው።

የአቶ አብርሃም ሥራ ለዚህ ጥያቄ የሚጠቅም ነገር አለው። የቻድ ተወላጅ የሆነው ማሐመት ሳሌህ ሃሩን በ1994 ዓ.ም. ለሕዝብ ያሳየውን «አቡና» የተባለውን ፊልም ያነሡት እሳቸው ናቸው። ትርጓሜው «አባታችን» ማለት ነው። ሁለት ወንድማማቾች አንድ ቀን ማለዳ ሲነሡ አባታቸው ቤቱን ጥሎ ሄዷል። ልጆቹ ሲኒማ ቤት ገብተው በሸራው ላይ አባታቸውን ያዩ ስለ መሰላቸው ፊልሙን እስከ መስረቅ ይደርሳሉ። እንግዲህ የሌለ አባት በሥዕል እንዴት ይታያል? ጠንካራ ፀሐይ የሚያርፍበትን ግድግዳና በጥላ ያለውን የጥቁር ሰው ፊት በአንድነት አጥርቶ ማንሣት ቀላል አይደለም፤ ለግድግዳው ሲለኩ ፊቱ ይጨልማል፣ ለፊቱ ሲለኩ ግድግዳው ነጥቶ ይጠፋል። አቶ አብርሃም በዚህ ሥራቸው በ1995 ዓ.ም. በዋጋዱጉ በተደረገው የአፍሪካ ፊልም በዓል፣ በፌስፓኮ፣ የምርጥ ሥዕል አንሺነትን ሽልማት ተቀበሉ።

ከዚያም ከዚሁ አዘጋጅ ጋራ «ዳራት» የተባለውን አነሡ። አቲም የተባለ ወጣት ከዐይነ ስውር አያቱ ሽጉጥ ተቀብሎ የአባቱን ገዳይ ለመበቀል ይሄዳል፤ ገዳዩን ዳቦ ጋጋሪ ሆኖ ያገኘዋል፤ በእርሱም ዘንድ ተቀጥሮ ዳቦ መጋገር ይማራል። ደም መመለስ የሚሉት ነገር ለእኛም አገር እንግዳ ስላልሆነ ታሪኩን ማብራራት አያሻንም። ልጁ ሊገድለው የመጣው ሰው እንደ አባት ሆኖ ሲያስተምረው በዱቄቱና በእሳቱ መካከል የሚታየው ዝምታ ከብዙ ንግግር ይበልጣል። ይህ ፊልም በ1998 ዓ.ም. በቬኒስ የዳኞችን ልዩ ሽልማት አገኘ።

አንድ ነገር ግን አስገርሞናል። በ2000 ዓ.ም. ይህንኑ ሽልማት በዚያው በቬኒስ ያገኘው የኃይሌ ገሪማ «ጤዛ» ነበር፤ የዚያን ፊልም ሥዕል ያነሣው ግን ማሪዮ ማሲኒ የተባለ ኢጣሊያዊ ነው። ኢትዮጵያዊው ለቻድ፣ ኢጣሊያዊው ለኢትዮጵያ ካሜራ ያዙ ማለት ነው። ጥበብ ወሰን የለውምና በዚህ ቅር አንሰኝም፤ ነገር ግን በቂ ባለሙያዎች በአገር ውስጥ ይሠለጥኑ ዘንድ መመኘት ነውር አይደለም።

አቶ አብርሃምም «ብሉ ናይል የፊልምና የቴሌቪዥን አካዳሚ» የተባለውን ትምህርት ቤት በአዲስ አበባ መሠረቱ። ልጁን ወደ እንዲህ ያለ ትምህርት ለመላክ የሚያስብ ወላጅ ገንዘብ ከመክፈሉ በፊት ከልጁ ጋራ ተቀምጦ «ዳራት»ን አንድ ጊዜ ድምፁን ዘግቶ ይመልከት፤ በዳቦ ቤቱ ውስጥ ብርሃኑ ከወዴት እንደሚገባ ልጁን ይጠይቀው።