ፊልም እንዴት ይጠፋል? እንዴትስ ይጠበቃል?

ባለፈው ክረምት አንድ ጥፋት አጠፋሁ። ስልኬ ሞልቶ ስላስቸገረኝ፥ ያረጁ ናቸው ያልኋቸውን ቪዲዮዎች ሁሉ ደመሰስሁ። ከነዚያም መካከል አያቴ ጥጥ እየፈተለች ስለ ልጅነቷ ስታጫውተን የቀረጽሁት ነበረበት። አያቴ ዛሬ በሕይወት የለችም፤ ድምፅዋም አብሮ ጠፋ። ፊልም እንዴት እንደሚጠፋና እንዴት እንደሚጠበቅ መመርመር የጀመርሁት ከዚያ ወዲህ ነው። ካነበብሁትም ሁሉ ይልቅ የነካኝ የፈረንሳዊው የዦርዥ ሜልየስ ታሪክ ስለ ሆነ፥ ለጓደኞቼ፥ ለመምህራንና ለወላጆች ባጭሩ ላስረዳ እወዳለሁ። (ዘመኑ ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ነው።)

ሜልየስ በ1861 በፓሪስ ተወለደ። አባቱ ጫማ እያሠራ የሚሸጥ ባለጸጋ ነበር። ልጁ ግን የጫማውን ሥራ ትቶ፥ በ1888 አንድ ቴአትር ቤት ገዝቶ የምትሃት ጨዋታ ያሳይ ጀመር። በዲሴምበር 28 ቀን 1895 የሉምየር ወንድማማቾች የሚንቀሳቀስ ሥዕል በፓሪስ ለሕዝብ ሲያሳዩ፥ እርሱም ከተመልካቾቹ አንዱ ነበር። መሣሪያውን ሽጡልኝ ቢል እንቢ ተባለ። ስለዚህ ከሎንዶን ሌላ መሣሪያ ገዝቶ፥ የፊልም ማሳያ የነበረውን ፊልም ማንሻ አደረገው። በ1897ም የፀሐይ ብርሃን እንዲገባለት ብሎ፥ በፓሪስ አጠገብ በሞንትሮይ ጣራውና ግድግዳው መስተዋት የሆነ ማንሻ ቤት ሠራ።

የጥበቡ ምሥጢር ቀላል ነው። ሰው ቆሞ ሳለ መሣሪያውን ያቆማል፤ ሰውየው ከቦታው ይወጣል፤ መሣሪያው እንደገና ይንቀሳቀሳል። ተመልካች ግን ሰውየው እንደ ጢስ በንኖ የጠፋ ይመስለዋል። በዚህ ዓይነት ከ500 የሚበልጡ ፊልሞች ሠራ። በ1902 የሠራው «ወደ ጨረቃ ጉዞ» የተባለው፥ መንኰራኵሯ በጨረቃ ዓይን ላይ ስትሰካ የሚያሳየው፥ ከሁሉ ይበልጥ የታወቀ ነው።

ይሁን እንጂ በውጭ አገር ሰዎች ፊልሙን ያለ ፈቃዱ እየቀዱ ሸጡበት፤ ትላልቅ ኩባንያዎችም በረቱበት፤ ዕዳም ተጫነው። በአንደኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ብዙው ፊልሙ ቀልጦ ለወታደር ጫማ ተረከዝ ዋለ። የጫማ ነጋዴው ልጅ ድካም ተመልሶ ጫማ ሆነ! በ1923 ማንሻ ቤቱን ሲያጣ፥ የቀሩትን ዋና ቅጂዎች ማስቀመጫ ስላልነበረው በገዛ እጁ አቃጠላቸው። ከዚያ በኋላ በፓሪስ ባቡር ጣቢያ መጫወቻና ከረሜላ ይሸጥ ነበር። ደግነቱ አስታዋሾች አግኝተውት፥ በ1929 በታላቅ ሥነ ሥርዓት ተከበረ፤ በ1938ም ዐረፈ።

ዛሬ ከፊልሞቹ 200 ያህል ይገኛሉ። የዳኑትም በልዩ ልዩ ስፍራ ተበትነው ስለ ነበረ ነው። ወንድሙ በ1903 በኒው ዮርክ ቢሮ ከፍቶ ስለ ነበረ፥ ወደዚያ የተላከው ቅጂ ከእሳቱ ተረፈ። «ወደ ጨረቃ ጉዞ» በእጅ ቀለም የተቀባው ቅጂ ደግሞ በ1993 ለባርሴሎና የፊልም መዝገብ ቤት ተሰጠ። ፊልሙ ተጣብቆ እንደ ድንጋይ ደርቆ ነበር፤ ባለሙያዎች በብዙ ትዕግሥት አላቀው፥ አንዳንዱን ሥዕል ለየብቻው ቀድተው፥ በ2011 በካን ከተማ እንደገና ለሕዝብ ታየ።

የጥንቱ ፊልም የሚሠራበት ነገር እሳት ቶሎ የሚይዘው፥ ሙቀትና እርጥበትም ሲያገኘው የሚጣበቅና ዱቄት የሚሆን ነው። ስለዚህ በቀዝቃዛና በደረቅ ክፍል ይቀመጣል፤ በአዲስ ይገለበጣል፤ ቅጂውም በልዩ ልዩ ቦታ ይኖራል። በፓሪስ በ1936 አንሪ ላንግልዋና ባልንጀሮቹ ያቋቋሙት የፊልም ቤት ይህን ሥራ ከጀመሩት አንዱ ነው።

እኛም ከዚህ የምንማረው አለ። ሜልየስ ያቃጠለው ቦታ አጥቶ ነው፤ እኔም የደመሰስሁት ቦታ አጥቼ ነው። እርሱን ያዳነው በሌላ ዘንድ የተቀመጠ ቅጂ ነበር፤ እኔ ግን አንድም ቅጂ አላስቀመጥሁም። «በእጅ የያዙት ወርቅ ከመዳብ ይቆጠራል» እንደ ተባለው እንዳይሆንባችሁ፥ ጓደኞቼ ሆይ፥ ዛሬ ማታ በየቤታችሁ ያለውን የድሮ ፎቶግራፍ፥ ካሴትና ቪዲዮ ፈልጉ፤ በሁለት ስፍራም አስቀምጡ።