ሊጡ ኩፍ እስኪል

በዚህ ጽሑፍ ስለ ዳቦ ላወጋችሁ ነው። “ዳቦ ደግሞ ከትዳር ጋር ምን አገናኘው?” የምትሉ ካላችሁ ጥቂት ታገሡኝ።

ከጥቂት ዓመታት በፊት አዲስ አበባ ሳለን፣ አንድ ቅዳሜ ጠዋት ከጸሎት ፕሮግራም ስንወጣ አንዲት እህት አቅፋ ሳመችኝና “ወደ ሐዋሳ ልትሄዱብን ነው አሉ፤ እንዴት እንደምንናፍቃችሁ!” አለችኝ። እኔ ምንም አልሰማሁም ነበር። ፈገግ ብዬ “ጌታ ያውቃል” አልኩና ወደ ቤቴ ሄድኩ። የባለቤቴን የአገልግሎት ዝውውር ከሰው አፍ መስማቴ ግን ውስጤን አቃጠለው።

ያን ቀን ለእራት ከምስር ሾርባ ጋር የሚበላ ትናንሽ ለስላሳ ዳቦ ልጋግር አስቤ ነበር። ወተቱን አፈላሁት። እስኪበርድ የምጠብቅበት ትዕግሥት አልነበረኝምና እንደ ፈላ እርሾው ላይ ደፋሁት። ሊጡ ከአንድ ሰዓት በኋላም ንቅንቅ አላለም። በንዴት እንዲሁ አድቦልቡዬ ምድጃ ውስጥ ከተትኩት። የወጣው ዳቦ ሳይሆን ድንጋይ ነበር።

ማታ ባለቤቴ አንዱን አንስቶ ሾርባው ውስጥ ነከረው፤ ጥቂት ጠበቀና ደግሞ ነከረው። በመጨረሻ “ዛሬ ዳቦውን ምን ነካው?” አለኝ። “እኔን የነካኝ ነው የነካው” አልኩት።

ልጆቹ ከተኙ በኋላ ነገሩን አወጣሁት። ለካ የዝውውሩ ጥያቄ ከቀረበለት ሦስት ሳምንት ሆኖታል። “መቼ ልንገርሽ? ማታ ስመጣ አንቺ ደክሞሻል፤ ጠዋት እኔ እቸኩላለሁ። ደግሞም እንዳላስጨንቅሽ ፈራሁ” አለኝ። መልስ አጣሁ፤ እውነቱን ነበርና። ቀኑን ሙሉ ሌሎች ባለትዳሮችን ስንመክር እንውላለን፤ እኛ ግን ለመነጋገር አንዲት ሰዓት አልነበረችንም።

የችኮላ ቂጣ

እስራኤላውያን ከግብፅ ሲወጡ ቂጣ የጋገሩበትን ምክንያት ዘጸአት 12፥39 ይነግረናል። በችኮላ ስለ ወጡ ሊጡ የሚቦካበት ጊዜ አልነበራቸውም። ቂጣ የመንገደኛ ምግብ ነው፤ ለዚያች ሌሊትም ተገቢ ነበር። እርሾ የገባበት ዳቦ ግን ጊዜ ይፈልጋል። ጌታችን በማቴዎስ 13፥33 ስለ መንግሥተ ሰማያት ሲያስተምር በሦስት መስፈሪያ ዱቄት ውስጥ እርሾ የደበቀችውን ሴት ምሳሌ አድርጎ አቀረበልን። ያቺ ሴት እርሾውን ከጨመረች በኋላ ዱቄቱ ሁሉ እስኪቦካ መጠበቅ ነበረባት። እኔ ግን በትዳሬ በየቀኑ ቂጣ እየጋገርኩ ለስላሳ ዳቦ እጠብቅ ነበር።

አሠራሩ

ለ16 ትናንሽ ዳቦ የሚያስፈልገው፦ ግማሽ ኪሎ የፉርኖ ዱቄት፣ 250 ሚሊ ሊትር ወተት፣ 2 የሻይ ማንኪያ ደረቅ እርሾ፣ 3 የሾርባ ማንኪያ ስኳር፣ 60 ግራም የገበታ ቅቤ፣ 1 እንቁላል፣ 1 የሻይ ማንኪያ ተኩል ጨው።

ወተቱን አሙቁና ለብ እስኪል አብርዱት፤ 38 ዲግሪ አካባቢ፣ ማለትም ጣት ሲነከርበት የማያቃጥል ይሁን። እርሾ ሕይወት ያለው ነገር ነው፤ ሙቀቱ ወደ 60 ዲግሪ ሲጠጋ ይሞታል። በራእይ 3፥16 ለብ ማለት ነቀፋ ቢሆንም ለእርሾ የሚስማማው ግን ለብ ያለው ነው! እርሾውን ከጥቂት ስኳር ጋር ወተቱ ላይ በትኑ። በ10 ደቂቃ ውስጥ አረፋ ካላወጣ እርሾው ሞቷልና ዱቄታችሁን አታባክኑ።

ከዚያ የቀረውን ሁሉ ጨምራችሁ 10 ደቂቃ ያህል እሹት። መጀመሪያ እጅ ላይ ይጣበቃል። ዱቄት ለመጨመር አትቸኩሉ፤ ዱቄት የበዛበት ዳቦ ይደርቃል። እየታሸ ሲሄድ ራሱ ይለሰልሳል። ሸፍናችሁ እጥፍ ሆኖ ኩፍ እስኪል አንድ ሰዓት ገደማ አስቀምጡት። ነገር ግን ሰዓቱን ሳይሆን ሊጡን ተመልከቱ። አዲስ አበባን በመሰለ ከ2,300 ሜትር በላይ ከፍታ ባለው ቦታ አየሩ ስስ ስለሆነ ሊጡ ፈጥኖ ይነፋል፤ በብርድ ቀን ደግሞ ይዘገያል። ከልክ በላይ ከቆየ ተመልሶ ይወርዳል።

ኩፍ ሲል በእጃችሁ ቀስ ብላችሁ ተጫኑት፤ 16 ቦታ ከፍላችሁ አድቦልቡሉና ቅቤ በተቀባ መጋገሪያ ላይ አጠጋግታችሁ ደርድሩ። ተጠጋግተው ሲጋገሩ ጎናቸው አይደርቅም። ሌላ ግማሽ ሰዓት ካቆያችሁ በኋላ በ180 ዲግሪ በጋለ ምድጃ 20 ደቂቃ ያህል፣ ላያቸው ቡናማ እስኪሆን ጋግሩ። ሲወጡ ቅቤ ቀብታችሁ በንጹሕ ፎጣ ሸፍኑ፤ እንፋሎቱ ቅርፊቱን ያለሰልሰዋል። መሀል ላይ መብራት ከጠፋ ሊጡን ፍሪጅ ውስጥ አስገቡት፤ ብርድ እርሾን ያዘገየዋል እንጂ አይገድለውም።

ያቺ አንድ ሰዓት

በሚቀጥለው ቅዳሜ ባለቤቴ እጁን ታጥቦ ሊጡን ራሱ አሸ። ሸፈንነውና ስልኮቻችንን መኝታ ቤት ትተን ወጥ ቤት ውስጥ በርጩማ ላይ ተቀመጥን። መጀመሪያ የምንለው ጠፋን። ከዚያ ስለ ልጆቹ ትምህርትና ስለ ታመመችው እናቴ ያለኝን ፍርሃት ነገርኩት። እርሱም “አዲስ ቦታ ሄጄ አገልግሎቱ ቢከብደኝስ?” አለኝ። ይህን ፍርሃቱን ከዚያ በፊት አንድም ቀን አልነገረኝም ነበር።

ወዲያው አልተስማማንም። ሦስት ቅዳሜ ፈጀብን፤ በሁለተኛው ተቆጣጥተን ሊጡን ረስተነው ወረደ። በሦስተኛው ግን እጅ ለእጅ ተያይዘን ጸለይንና “እንሂድ” አልን። ከእናቴ መራቄ ዛሬም ይከብደኛል፤ ነገር ግን ብቻዬን አልሸከመውም። ሐዋሳ ሞቃት ናትና ሊጡ ፈጥኖ ኩፍ ይላል፤ እኛ ግን ሰዓታችንን አላሳጠርንም።

ወገኖቼ፣ ቁጣን ይዘን እንዳናድር ቃሉ ያስተምረናል (ኤፌሶን 4፥26)። ለዚህ ደግሞ የምንነጋገርበት ጊዜ ያስፈልገናል። ዳቦ መጋገር ባይመቻችሁ ቡና አፍሉ። ብቻ ለሁለታችሁ የተለየች ሰዓት ትኑራችሁ።

ለባልና ሚስት መወያያ

1. በዚህ ሳምንት ስልክና ሰው ሳያቋርጠን የተነጋገርነው መቼ ነው?
2. “እንዳላስጨንቅህ፣ እንዳላስጨንቅሽ” ብለን የደበቅነው ነገር አለ?
3. የእኛ ሰዓት የትኛዋ ትሁን?

ጌታ ቤታችሁንና ማዕዳችሁን ይባርክ። አሜን።