ስለ ሙታን መልክና ስም

በአምቦም ሆነ በጀልዱዋ ጎጆ ከተማ ሰው ባረፈ ጊዜ የሚደረገው ለአንባብያን የታወቀ ነው። እድርተኛው ድንኳኑን ይተክላል፤ ካህናት ፍትሐቱን ያደርሳሉ፤ ከዚያም ሣልስቱ፣ አርባው፣ ሙት ዓመቱ እየተቆጠረ ሟቹ በክርስትና ስሙ ይታሰባል። ይህ ሁሉ ግን ሬሳው ተገኝቶ፣ ያረፈበትም ቀን ታውቆ ነው። ልጁ ከቤት ወጥቶ በዚያው የቀረበት ቤተ ሰብስ አርባውን ከየትኛው ቀን ይቁጠር?

በአሜሪካ በዌልስሊ ኮሌጅ ያስተማሩት ኢትዮጵያዊት ፕሮፌሰር ሳሌም መኩሪያ፣ እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ በሠሩት «የወንዝ ማዕበል» በተባለው ፊልም ይህንኑ ኀዘን ገልጸውታል። ቀይ ሽብር አገሪቱን ባስጨነቀበት፣ ከ1969 ዓ.ም. ጀምሮ በነበረው የመከራ ዘመን፣ ወንድማቸው ደብዛው ጠፋ፤ የልብ ወዳጃቸውም ተገደለች። ፊልሙ ታሪክን ብቻ አይተርክም፤ በእኅት አንደበት የቀረበ ልቅሶ ነው። እኛስ ተዝካር ብንለው አንሳሳትም።

ከዚህ ጋር የሚነጻጸር ሌላ ሥራ አለ። ስታን ብራኬጅ የተባለው አሜሪካዊ እ.ኤ.አ. በ1971 በፒትስበርግ ከተማ ሬሳ ከሚመረመርበት ክፍል ገብቶ፣ 32 ደቂቃ ያህል የሚፈጅ ድምፅ አልባ ፊልም አነሣ። ርእሱ «በገዛ ዐይን የማየት ተግባር» ማለት ሲሆን፣ ለሬሳ ምርመራ ከተሰጠው የግሪክ ቃል ፍች የተወሰደ ነው። ሙዚቃ የለበትም፤ ተራኪም የለበትም። (ልጆች ባሉበት እንዲታይ ከቶ አንመክርም።) በዚያ ፊልም ሬሳ ሞልቷል፤ የአንዱም ሟች ስም ግን አይነገርም። በፕሮፌሰር ሳሌም ፊልም ስምና መልክ አለ፤ የጠፋው ወንድም ግን መቃብር የለውም። ከሁለቱ የቱ ይበልጥ እንደሚያስለቅስ የአገራችን እናቶች ያውቁታል።

በ2002 ዓ.ም. በአዲስ አበባ በመስቀል አደባባይ በተከፈተው የቀይ ሽብር ሰማዕታት መታሰቢያ ሙዚየምም የሟቾች ፎቶግራፍ በግድግዳው ላይ ተደርድሮ ይታያል። ለአንዳንዱ ቤተ ሰብ ያ ግድግዳ እንደ መቃብር ሆኗል።

ዛሬ በየልቅሶው ቤት ቪዲዮ የሚያነሣ ሰው አይታጣም። ቤተ ሰቡን ሳያስፈቅድ የምታለቅስን እናት ፊት በመብራት ማሳደድ ነውር ነው እንላለን። ስለ ፎቶግራፍ ግን አንድ የምንለምነው አለ። በየቤቱ ሣጥን ውስጥ ጀርባው ባዶ የሆነ ስንት ፎቶግራፍ ተቀምጧል! አያቶች በሕይወት ሳሉ ተጠይቀው የሰውዬው ስም ከነክርስትና ስሙ፣ የተወለደበትም ስፍራ ከጀርባው ይጻፍ፤ ቀለሙ ወደ ፊት እንዳያልፍ በእርሳስ ቢሆን ይመረጣል።